ከኳስ ሜዳ ወደ መም፦ የደርሃሙ አሠልጣኝ

የምሩፅ ይፍጠርን ታሪክ የሚወድ ሰው የደርሃምን ጉድ ሳይሰማ አይቀርም። ነገሩ የሆነው በሐምሌ ወር 1971 ነው (ዓመታቱ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። በአሜሪካ ሰሜን ካሮላይና ግዛት፣ ደርሃም ከተማ ውስጥ የአፍሪካና የአሜሪካ አትሌቶች ለውድድር ተገናኙ። በ5,000 ሜትሩ ምሩፅ ስቲቭ ፕሪፎንቴይንን ጥሎት ተፈተለከና ጨረስኩ ብሎ ቆመ። ለካ አንድ ዙር ይቀረዋል! ፕሪፎንቴይን አሸነፈ። በማግስቱ ግን ምሩፅ በ10,000 ሜትር ፍራንክ ሾርተርን ቀድሞ ገባና ሒሳቡን አወራረደ።

ይቺን ታሪክ ስናወራ አንድ ነገር እንዘላለን። የአፍሪካ አትሌቶችን ያን ያህል ርቀት አስመጥቶ፣ የዘር መድልዎ ሕግ ከተነሣ ገና ጥቂት ዓመት በሆነው የአሜሪካ ደቡብ፣ የጥቁርና የነጭ ተመልካች ባንድ ስታዲየም ያስቀመጠው ማን ነበር? መልሱ ዶክተር ሊሮይ ዎከር ነው። ዶክተሩ ደርሃም ውስጥ በሚገኘው የጥቁሮች ኮሌጅ የአትሌቲክስ አሠልጣኝ ነበሩ። ውድድሩን ያዘጋጁት በዚያው ከተማ የዱክ ዩኒቨርሲቲ አሠልጣኝ ከነበሩት ከነጩ ወዳጃቸው ከአል ቢዩለር ጋር ነው። ስታዲየሙም የዱክ ነበር። ዱክ ማለት እስከ 1960ዎቹ መጀመሪያ ድረስ ጥቁር ተማሪ የማይቀበል ዩኒቨርሲቲ መሆኑን ልብ በሉልኝ።

ዎከር የተወለዱት በ1918 አትላንታ ውስጥ ነው። የባሪያዎች የልጅ ልጅ ናቸው፤ ለቤቱም አሥራ ሦስተኛና የመጨረሻ ልጅ። አባታቸው ገና በልጅነታቸው ስለሞቱ፣ ኒው ዮርክ ሃርለም የሚኖር ታላቅ ወንድማቸው ወስዶ አሳደጋቸው። ከአሥራ ሦስቱ ልጆች ኮሌጅ የገቡት እሳቸው ብቻ ናቸው፤ ያስገባቸውም ስፖርት ነው። በደቡብ ካሮላይናው ቤኔዲክት ኮሌጅ የአሜሪካ እግር ኳስ፣ ቅርጫት ኳስና ሩጫ አንድ ላይ ያስኬዱ ነበር። በእግር ኳሱ ጨዋታውን የሚመራው ኳርተርባክ እሳቸው ነበሩ። ይሄ ሁሉ ሆኖ በትምህርታቸውም በከፍተኛ ማዕረግ በ1940 ተመረቁ፤ በዓመቱም ከኮሎምቢያ ዩኒቨርሲቲ ሁለተኛ ዲግሪያቸውን ያዙ።

በ1945 ደርሃም ሲገቡ የተቀጠሩት ለሩጫ እንዳይመስላችሁ። ሥራቸው የእግር ኳስና የቅርጫት ኳስ ቡድኑን ማሠልጠን ነበር። የሩጫ ቡድን ያቋቋሙት ኳስ ተጫዋቾቹ ከውድድር ወቅት ውጪ አቋማቸው እንዳይወርድ ብለው ነው! ለማሟሟቂያ የተጀመረው ነገር ግን ዋናውን ሥራ ዋጠው። ዎከርም በስሜት ብቻ የሚያሠለጥኑ ሰው አልነበሩም። በ1957 ከኒው ዮርክ ዩኒቨርሲቲ የዶክትሬት ዲግሪያቸውን ያገኙት የሰው አካል እንዴት እንደሚንቀሳቀስ በሚያጠናው ሳይንስ ነው።

ውጤቱ ወዲያው ታየ። ተማሪያቸው ሊ ካልሁን በ1956 ሜልቦርን ላይ የ110 ሜትር መሰናክል ወርቅ አጠለቀ፤ በ1960 ሮም ላይም ደገመው። በዚህ ርቀት ሁለት ጊዜ የኦሎምፒክ ወርቅ ያገኘ የመጀመሪያው ሰው እሱ ነው። አዎ፣ አበበ ቢቂላ በባዶ እግሩ የሮጠበት ያው የሮም ኦሎምፒክ! የአበበ አሠልጣኝ ስዊድናዊው ኦኒ ኒስካነን መሆናቸውን ሁላችንም እናውቃለን። አሜሪካ ውስጥ የተጻፉት የዎከር የሕይወት ታሪኮች ግን በዚያ ዓመት ከኢትዮጵያና ከእስራኤል ቡድኖች ጋር መሥራታቸውን ይጠቅሳሉ። በ1972 ሙኒክ ላይ ደግሞ በኮሌጃቸው የተማሩት ኬንያውያን ጁሊየስ ሳንግና ሮበርት ኡኮ አገራቸው የ4 በ400 ሜትር ዱላ ቅብብል ወርቅ ስትወስድ በቡድኑ ውስጥ ነበሩ።

እንግዲህ የታሪክ ምፀት የሚመጣው እዚህ ላይ ነው። በ1976 ዎከር የአሜሪካ የወንዶች የኦሎምፒክ አትሌቲክስ ቡድን ዋና አሠልጣኝ ሆኑ። እስከዚያ ድረስ ይህን ቦታ የያዘ ጥቁር አልነበረም። ሞንትሪያል ላይ ኤድዊን ሞሰስ በ400 ሜትር መሰናክል አሸነፈ፤ ቡድኑም ስድስት ወርቅ ወሰደ። አፍሪካውያኑ ግን የሉም! የኒውዚላንድ የራግቢ ቡድን አፓርታይድ ወዳለባት ደቡብ አፍሪካ መሄዱን በመቃወም ኢትዮጵያና ኬንያን ጨምሮ ከ20 በላይ አገሮች ውድድሩን ረግጠው ወጥተዋል። ደርሃም ድረስ ጋብዘው ያስተናገዱት ምሩፅም ወደ አገሩ ተመለሰ። በዘረኝነት አገር ተወልደው ጥቁር አሠልጣኝ ያልደረሰበት ደረጃ የደረሱት ሰው፣ በትልቁ ቀናቸው አፍሪካን ያጡት ዘረኝነትን በመቃወም በተነሣ አድማ ነው። አራት ዓመት ቆይቶ ምሩፅ ሞስኮ ላይ ሁለቱንም ወርቅ ሲያጠልቅ ደግሞ በተራቸው አሜሪካኖቹ አልነበሩም።

ዎከር ከዚያ በኋላ የኮሌጃቸው የበላይ ኃላፊ፣ ከ1992 እስከ 1996 ደግሞ የመጀመሪያው ጥቁር የአሜሪካ ኦሎምፒክ ኮሚቴ ፕሬዚዳንት ሆኑ። የመጨረሻው ዓመት ኦሎምፒክ የተካሄደው የት ነው? ፋጡማ ሮባ በማራቶን፣ ኃይሌ ገብረ ሥላሴ በ10,000 ሜትር ባሸነፉባት አትላንታ፤ ማለትም ዎከር በተወለዱባት ከተማ። በ2012፣ በ93 ዓመታቸው ደርሃም ውስጥ አረፉ።

እኔን የሚቆጨኝ የእሳቸው መረሳት ብቻ አይደለም። አሜሪካኖቹ ስለ ዎከር ቢያንስ ጽፈዋል። እኛ ስለ ንጉሤ ሮባ፣ ስለ ዶክተር ወልደመስቀል ኮስትሬ ምን ያህል ጽፈናል? ያሠለጠኗቸው ሰዎች ብዙዎቹ ዛሬም በመካከላችን አሉ። መቅረጸ ድምፅ ይዞ ሄዶ መጠየቅ ነው። ምሩፅ ራሱ በ2016 ካረፈ ወዲህ የደርሃሙን ሩጫ ከአፉ የሚነግረን የለም፤ ሌሎቹንም እስኪያመልጡን መጠበቅ የለብንም።