ዜማ ከአርያም እንደ ወረደ፥ በብራናም እንደ ታሰረ የሚናገር ዜና

በ6ኛው መቶ ክፍለ ዘመን፥ ዐፄ ገብረ መስቀል ከአባቱ ከዐፄ ካሌብ በኋላ በአክሱም ዙፋን ተቀምጦ ሳለ፥ ካህናቱ እግዚአብሔርን በውርድ ንባብ ያመሰግኑ ነበር እንጂ ከፍና ዝቅ የሚል፥ የሚያዝንና የሚፈነድቅ ማሕሌት ገና አልነበራቸውም። በዚያ ወራት ያሬድ የሚባል የአክሱም ልጅ፥ በአጎቱ በአባ ጌዴዎን ዘንድ ትምህርት ቢከብደው ሸሽቶ ሲሄድ፥ በዛፍ ላይ እየወደቀች ደግማ የምትወጣ ትል አይቶ ከትዕግሥቷ ተምሮ ወደ ትምህርቱ ተመለሰ።

ገድሉ እንደሚተርከው፥ ሦስት አዕዋፍ ከኤዶም ገነት ወደ እርሱ ተልከው በሰው አንደበት ተናገሩት፥ ወደ ሰማያዊት ኢየሩሳሌምም አወጡት፤ በዚያም የሃያ አራቱን ካህናተ ሰማይ ማሕሌት ሰማ። በተመለሰ ጊዜ ወደ አክሱም ጽዮን ቤተ ክርስቲያን ገብቶ የሰማውን በታላቅ ድምፅ ቢያሰማ፥ ያን ዜማ አርያም አለው። ንጉሡና ንግሥቲቱ፥ ጳጳሱና ካህናቱ፥ መሳፍንቱና ሕዝቡ ሥራቸውን ትተው ወደ እርሱ ሮጡ፥ ሲሰሙትም ዋሉ። ግንቡ ያው ግንብ፥ አዕማዱም ያው አዕማድ ሳሉ፥ ለሰሚው ግን ያ ሥፍራ ዓይን ያላየው ዓለም አደባባይ ሆነ፤ ያሬድ አንዲት ድንጋይ ሳያነሣ ቤቱን በድምፅ ብቻ እንደ አዲስ ሠራው ብንል ከእውነት አንርቅም። ከዚያም ግዕዝ፥ ዕዝል፥ አራራይ የሚባሉትን ሦስቱን ዜማዎች ለየ፤ ለዘመናቱም ሁሉ የሚስማማውን በድጓ፥ በጾመ ድጓ፥ በምዕራፍ፥ በዝማሬና በመዋሥዕት በተባሉት የዜማ ድርሰቶች አደላደለ።

ከዕለታት በአንዱ ቀን ያሬድ ከንጉሡ እግር በታች ቆሞ ሲዘምር፥ ዐፄ ገብረ መስቀል ልቡ በዜማው ተነጥቆ ሲያዳምጥ፥ ተደግፎት የነበረውን ጦር በያሬድ እግር ላይ ተከለው። የጦሩ ስለት ሥጋውን ወጋው፥ ደሙም በምድር ላይ ፈሰሰ፤ ነገር ግን የሚዘምረው አልተሰማውም፥ የሚሰማውም አላየውም። ማሕሌቱ ሲፈጸም ንጉሡ ደሙን አይቶ ደነገጠ፥ ጦሩንም ነቅሎ፣ «ስለ ፈሰሰው ደምህ የምትሻውን ለምነኝ» አለው። ያሬድም ወርቅና ሹመት ሳይለምን፣ «ወደ ገዳም ሄጄ እመነኩስ ዘንድ አሰናብተኝ» አለ። ንጉሡ ከመኳንንቱ ጋር አዘነ፥ ቃሉን ግን ማጠፍ አልተቻለውም። ያሬድም በታቦተ ጽዮን ፊት ቆሞ አንቀጸ ብርሃን የተባለውን ምስጋና ደርሶ ወደ ሰሜን ተራሮች ወጣ፤ በዚያም ዐረፈ። በእኔ አስተያየት፥ ከተአምራቱ ሁሉ ይልቅ የዚያን ጥበብ ኃይል የምታሳየው ይህች ቁስል ናት።

ከዚህ በኋላ ዜማው ለብዙ ዘመናት ከመምህር አፍ ወደ ተማሪ ጆሮ ሲተላለፍ ኖረ። የኢማም አሕመድ ግራኝ ጦርነት በተነሣ ጊዜ ግን አክሱም ጽዮን ተቃጠለች፥ መጻሕፍት ጠፉ፥ ብዙ ሊቃውንትም አለቁ፤ ድምፅን በጆሮ ብቻ ያስቀመጠ ሕዝብ፥ ጆሮ ያለው ሰው ሲሞትበት ምን እንደሚቀረው ያን ጊዜ ታወቀ። ስለዚህ ከ1533 እስከ 1551 ዓ.ም. በነገሠው በዐፄ ገላውዴዎስ ዘመን፥ አዛዥ ጌራና አዛዥ ራጉኤል የተባሉ ሁለት ሊቃውንት የዜማውን ምልክት ሠሩ።

ድጓን የከፈተ ሰው ከንባቡ መስመር በላይ ደቃቅ ጽሕፈት ያያል። አንዱ ድፋት ነው፥ አንዱ ሒደት፥ አንዱ ጭረት፥ አንዱ ርክርክ፤ ደረት ድምፁን ወደ ውስጥ ያወርደዋል፥ ቁርጥም ይቆርጠዋል። ከእነዚህም ጋር አንድ ወይም ሁለት ፊደል ተጽፈው ይገኛሉ፤ እነርሱም ቀድሞ ከታወቀ ዜማ አጥረው የተወሰዱ ናቸው፥ «ይህን ቃል እንደዚያኛው አዚም» ብለው ያዛሉ። ያን ዜማ አስቀድሞ በቃሉ ያልያዘ ሰው ፊደሉን ቢያነበውም አንዳች ድምፅ አያገኝበትም። ሁለቱ አዛዦች ይህን ሳያውቁ የቀሩ አይመስለኝም፤ ምልክቱን የሠሩት ለሚያስታውስ እንጂ ለማያውቅ አልነበረም።

ስለዚህም ተማሪው ከምልክቱ በኋላ እንኳ ከመምህሩ ደጅ አልተለየም። በቀን አኩፋዳውን አንግቶ ቁራሽ ይለምናል፥ በሌሊት በጨለማ ቃሉን ያጠናል፥ ድጓውንም በጥንቱ ሥርዓት ብራና ዳምጦ፥ ቀለም በጥብጦ በገዛ እጁ ይጽፋል፤ ዓመታት ከቈጠረ በኋላ ለምስክርነት የድጓ ማስመስከሪያ ወደ ሆነችው ወደ ጋይንት ቤተ ልሔም ይሄዳል። ቆማና አጫብር የተባሉት የዜማ ቤቶች ደግሞ የየራሳቸውን ስልት ይዘዋል፤ ከአንድ ድጓ ሲዘምሩ፥ የቤተ ልሔሙ ተማሪ ድምፁን በሚያነሣበት ሥፍራ የአጫብሩ በሌላ መንገድ ይሄዳል፥ ሁሉም ያሬድን አባቴ ይላል።