ነጻነታቸውን በዳኛ ፊት የጠየቁ ሰዎች

በእንዲህ ያለ የኢዮቤልዩ መጽሔት ላይ ስለ ዓድዋና ስለ ላሊበላ መጻፍ ደስ ይለናል። ይህ ርእስ ግን በእንግዳ ፊት የማናነሣው ነው። ካምፓላ ያደጉ ልጆቻችን ጉሉ አጠገብ ያለውን የፓቲኮ ምሽግ፣ ሳሙኤል ቤከር የባሪያ ንግድን ሊገታ እ.ኤ.አ. በ1872 የሠራውን፣ ጎብኝተው ሲመለሱ «በእኛስ አገር ነበር?» ይሉናል። ነበር። «ባሪያ» የሚለው ቃል ዛሬም በመካከላችን ስድብ ሆኖ ይወጣልና መጠየቃቸው አይገርምም።

ፍትሐ ነገሥት ሰው በተፈጥሮው ነጻ መሆኑን ይናገርና ወዲያው በጦርነት የተማረከውን ባሪያ ማድረግን ይፈቅዳል። ኢትዮጵያ በ1916 ዓ.ም. የመንግሥታት ማኅበር አባል ስትሆን ባርነትን ለማስቀረት ቃል ገባች፤ በዚያው ዓመት መጋቢት 22 ቀንም በንግሥት ዘውዲቱና በአልጋ ወራሽ ራስ ተፈሪ ዘመን የባሮች ነጻነት አዋጅ ወጣ። አዋጁ ባርነትን ባንድ ጊዜ አልሻረም። ጌታ ሲሞት ባሪያው ከ7 ዓመት በኋላ ነጻ ይወጣል አለ፤ በ1923 ዓ.ም. ሕጉ ሲሻሻል 7ቱ ዓመት ወደ 1 ወረደ። ለእኛ ትልቁ ነገር ግን ሌላ ነው። ለዚሁ ጉዳይ ዳኞች ተለዩ፤ የተበደለ ባሪያ ጌታውን መክሰስ ቻለ፤ ከተፈረደለትም የነጻነት ወረቀት ይሰጠው ጀመር።

በወረቀት ላይ ቀላል ይመስላል። ከሳሹ ግን ከጌታው ቤት መውጣት፣ ኮብላይ ተብሎ ከመያዝ መትረፍ፣ ምስክር መቁጠር ነበረበት። የአገሩ ሹማምንት ብዙዎቹ ራሳቸው ባለ ባሪያዎች ነበሩ። ቢፈረድለትስ መሬት ከየት ያመጣል? ዘመዶቹስ የት ናቸው? «በአዋጅ ነጻ ወጡ» የምንለው አነጋገር ይህን ሁሉ ድፍረት ይሸፍነዋል እንላለን።

በ1924 ዓ.ም. ሎርድ ኖኤል በክስተንና ሎርድ ፖልዋርዝ ስለ ባርነት ለመነጋገር አዲስ አበባ ሲመጡ፣ ንጉሠ ነገሥቱ ከ15 እስከ 20 ዓመት ውስጥ እንደሚያስቀሩት ቃል ሰጡ፤ ጉዳዩን የሚከታተል መሥሪያ ቤትም ተቋቋመ። ኢጣሊያ በ1928 ዓ.ም. ስትወረን ይኸንኑ ባርነት ሰበብ አድርጋ ለዓለም አወራችው።

ከድል በኋላ፣ ነሐሴ 20 ቀን 1934 ዓ.ም.፣ ባርነት በሕግ ፊት ያለውን ቦታ ሁሉ የሚሽር አዋጅ ወጣ። ከዚያን ቀን ወዲህ ነጻ ለመባል የጌታን በደል ማስመስከር፣ ሞቱንም መጠበቅ ቀረ።