የራስ ጉግሣ ወሌ ንቅናቄ (1922 ዓ.ም.)

የበጌምድሩ ገዥ ራስ ጉግሣ ወሌ፣ የንግሥት ዘውዲቱ የቀድሞ ባል፣ በንጉሥ ተፈሪ መኰንን ላይ የሸፈቱት የመሳፍንቱን ነባር ሥልጣንና የዘውዲቱን የበላይነት ለማስከበር ነው። ይህን ተራ የሥልጣን ጥማት ማለት ፍርደ ገምድልነት ነው፤ ገዥው በአገሩ፣ ካህኑ በደብሩ ይጽና የሚል የቆየ ሥርዓት ከኋላቸው ነበር። መጋቢት 22 ቀን 1922 ዓ.ም. ከንፋስ መውጫ ወደ ወሎ በሚያሻግረው ደጋ፣ አንቺም ላይ፣ ከጦር ሚኒስትሩ ከደጃዝማች ሙሉጌታ ይገዙ ጦር ጋር ገጠሙ። የተፈሪ ወገን አውሮፕላን የግዝት ወረቀት በተነ፤ ቦምብም ጣለ። ለሃይማኖት ቆሜያለሁ ላለ ሠራዊት ከቦምቡ ግዝቱ ሳይከብድ አልቀረም። ጉግሣ እዚያው ወደቁ፤ ዘውዲቱም ከሁለት ቀን በኋላ ዐረፉ። በጌምድር ለራስ ካሣ ኃይሉ ተሰጠ፤ የ1923ቱ ሕገ መንግሥትም መሳፍንቱን ከአገር ጌትነት ወደ አዲስ አበባ ምክር ቤት ወንበር አሻገረ።