ከመጋረጃው በስተኋላ የቆሙት የዜማ ደራሲ



በሲኒማ ቤት ፊልም ስናይ ዓይናችን በተዋናዮቹ ላይ ያርፋል እንጂ፥ ሐዘኑን የሚያከብደውን፥ ደስታውን የሚያደምቀውን ዜማ ማን እንደ ደረሰው አንጠይቅም። በሶቪየት ኅብረት በዚህ ሥራ ከታወቁት አንዱ አርመናዊው አራም ካቻቱሪያን ነበሩ፤ እ.ኤ.አ. በ1935 ለወጣው «ፔፖ» ለተባለው ፊልም ዜማውን የደረሱት እርሳቸው ናቸው። በአገራችንም ይህን የመሰለውን ሥራ የሠሩት አርመናዊ ነበሩ። ነገር ግን የራሳችን የፊልም ሥራ ገና ስላልነበረን ቦታቸው ቴአትር ቤት ሆነ።

አቶ ነርሲስ ናልባንዲያን በ1907 ዓ.ም. በዐይንታብ ከተማ ተወለዱ፤ ዘመኑ በአርመን ሕዝብ ላይ እልቂት የወረደበት ነበር። አጎታቸው ኬቮርክ ናልባንዲያን በ1916 ዓ.ም. አልጋ ወራሽ ራስ ተፈሪ ከኢየሩሳሌም ካስመጧቸው አርባ የሙት ልጆች ጋራ መጥተው፥ ዮፍታሔ ንጉሤ ለደረሱት የንጉሠ ነገሥቱ መዝሙር ዜማውን የሰጡ ናቸው። ነርሲስም በ1930 ዓ.ም. ገደማ ተከተሏቸው።

በአዲስ አበባ ማዘጋጃ ቤት ባንድ ከሠሩ በኋላ፥ በ1948 ዓ.ም. በተከፈተው በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር፥ ማለት በዛሬው ብሔራዊ ቴአትር፥ የኦስትሪያዊውን የፍራንዝ ዜልቬከርን ቦታ ተረከቡ።

ሥራው ቀላል አልነበረም። የትዝታ፥ የባቲ፥ የአምባሰልና የአንቺ ሆዬ ቅኝቶች እያንዳንዳቸው አምስት ድምፅ ብቻ አላቸው። የአውሮፓ ሙዚቃ እንደሚያደርገው ተጨማሪ ድምፆች በላዩ ቢደረቡ ዜማው ጣዕሙን ያጣል፤ እንዲሁ ቢተውት ደግሞ ያ ሁሉ ጥሩምባና ክላርኔት አንድ ዜማ ብቻ ሲደግም ያመሻል። ነርሲስ ለእያንዳንዱ መሣሪያ ድርሻውን በኖታ እየጻፉ፥ ቅኝቱን ሳይሰብሩ፥ ለብዙ መሣሪያ ማዘጋጀትን ሥራዬ ብለው ያዙ። እኔ ከመዝሙርና ከማርሽ ይልቅ ይህን አበልጣለሁ። ሽለላን በሳክስፎን በመጫወት የታወቁት ጌታቸው መኩሪያም በዚያው ቴአትር ቤት ኦርኬስትራ ውስጥ ነበሩ።

ከአዲስ አበባ ውጭ፥ ለምሳሌ በወላይታ ሶዶ፥ በዚያ ጊዜ በመሥሪያ ቤት የዋለ ሰው ኦርኬስትራውን የሚያገኘው ማታ በራዲዮ ነበር። ዘፋኙን በድምፁ ይለያል፤ መለከቶቹ መቼ እንዲገቡ፥ መቼ ዝም እንዲሉ የወሰኑትን ሰው ግን ብዙው አድማጭ በስም አያውቃቸውም ነበር። አጎታቸው የደረሱት መዝሙር በ1967 ዓ.ም. ቀረ፤ እርሳቸውም እ.ኤ.አ. በ1977 ዐረፉ።