ዩዋን ፕላስ ወይስ አይዲ ፎር? ከመኪናው በፊት መንገዱንና ሶኬቱን ማወቅ

ባሕር ዳር፦ መንግሥት ነዳጅ የሚጠቀሙ የቤት መኪናዎች ወደ አገር ውስጥ እንዳይገቡ መወሰኑን በጥር 2016 ዓ.ም. ካሳወቀ ወዲህ የመኪና ገዥ ጥያቄ ተለውጧል። ቀድሞ «ቤንዚን ወይስ ናፍጣ?» ይባል ነበር፤ ዛሬ ግን «ከኤሌክትሪኮቹ የትኛው?» ሆኗል። ጥያቄው የከተማ ነዋሪውን ብቻ የሚመለከት አይደለም። በከተማ ቤት ያለው፣ ልጆቹን በከተማ የሚያስተምር፣ ነገር ግን እርሻው በገጠር ቀበሌ የሆነ ሰው ለዓመታት ያጠራቀመውን ጥሪት ለአንድ መኪና ሊያውል ይችላል። ምርጫው ከተሳሳተ ኪሳራው ለሻጩ አይተርፍም፤ የቤተሰቡ ነው።

በግብርና ትምህርት የታወቀ መርሕ አለ፤ ዘር ከመምረጥ በፊት መሬቱ ይታወቃል። ለጥቁር አፈር የሚስማማው ዘር ለቀይ አፈር ላይስማማ ይችላል። መኪናም እንዲሁ ነው። ይህ ጽሑፍ በከተሞቻችን ከሚታዩት መካከለኛና አነስተኛ የኤሌክትሪክ ክሮስኦቨር መኪናዎች ሁለቱን፣ ቢዋይዲ ዩዋን ፕላስን እና ቮልስዋገን አይዲ ፎርን፣ ከመንገዳችንና ከመብራታችን አንጻር ያነጻጽራል።

ሁለቱ መኪናዎች በቁጥር

ዩዋን ፕላስ በቻይና ገበያ የቀረበው እ.ኤ.አ. በ2022 ሲሆን፣ በሌሎች አገሮች «አቶ 3» በሚል ስም ይሸጣል። ርዝመቱ 4.45 ሜትር ገደማ ነው። ሞተሩ 150 ኪሎዋት ጉልበት ያለው ሲሆን የሚያሽከረክረው የፊት ጎማዎችን ነው። ባትሪው በሁለት መጠን ይመጣል፤ አንዱ 49.92፣ ሌላው 60.48 ኪሎዋት ሰዓት ይይዛል። ባለ ትልቁ ባትሪ መኪና ክብደቱ 1,700 ኪሎ ግራም ገደማ ነው።

አይዲ ፎር እ.ኤ.አ. በ2020 የተዋወቀ ሲሆን በጀርመንም በቻይናም ተመርቷል። በቻይና የሚመረተው «ክሮዝ» እና «ኤክስ» በሚሉ ሁለት ስሞች ይታወቃል። ርዝመቱ ወደ 4.6 ሜትር ይጠጋል። በብዛት የሚታየው ዓይነት 150 ኪሎዋት ሞተር ያለው ሲሆን የሚያሽከረክረው የኋላ ጎማዎችን ነው። የቻይናው ትልቅ ባትሪ በ84 ኪሎዋት ሰዓት አካባቢ ይይዛል፤ ክብደቱም ከ2,100 ኪሎ ግራም በላይ ይሆናል። አነስተኛ ባትሪ ያለው አይዲ ፎርም ስላለ፣ «አይዲ ፎር ነው» መባሉ ብቻ ስለ ባትሪው መጠን አይናገርም።

በሞተር ጉልበት ሁለቱ እኩል ናቸው ማለት ይቻላል። በአቀማመጥ ግን አይዲ ፎር ይሰፋል፤ ከኋላ የሚቀመጡ ረዣዥም ሰዎች እግራቸውን ይዘረጋሉ፣ የዕቃ ማስቀመጫውም ይበልጣል። ዩዋን ፕላስ ደግሞ አጠር ስለሚል በጠባብ የከተማ መንገድና በገበያ አካባቢ ለማቆም ይቀላል።

በወረቀት ላይ ያለው ኪሎ ሜትር

ገዥዎች አስቀድመው የሚጠይቁት «በአንድ ሙሊት ስንት ኪሎ ሜትር ይሄዳል?» የሚለውን ነው። ባለ 60.48 ኪሎዋት ሰዓቱ ዩዋን ፕላስ በቻይና መለኪያ 510 ኪሎ ሜትር ይሄዳል ተብሎ ይጻፋል። ያንኑ ባትሪ የያዘው መኪና በአውሮፓ መለኪያ 420 ኪሎ ሜትር ተብሎ ተመዝግቧል። ባትሪው አንድ፣ ቁጥሩ ግን ሁለት ነው። ልዩነቱ የመጣው ከመለኪያው ስለሆነ፣ በማስታወቂያ ላይ ያለውን ቁጥር ይዞ መንገድ መጀመር «ላም አለኝ በሰማይ» እንደ ማለት ነው።

የተሻለው ዘዴ በፍጆታ ማስላት ነው። ዩዋን ፕላስ በ100 ኪሎ ሜትር 16፣ አይዲ ፎር ደግሞ 18 ኪሎዋት ሰዓት ይፈጃሉ ብለን እንነሣ። ከባሕር ዳር ጎንደር 180 ኪሎ ሜትር ገደማ ስለሆነ ደርሶ መልሱ 360 ይሆናል። ለዚህ መንገድ ዩዋን ፕላስ ወደ 58 ኪሎዋት ሰዓት ያስፈልገዋል፤ ይህም ባትሪውን ባዶ ሊያደርገው ጥቂት ይቀረዋል ማለት ነው። ስለዚህ ጎንደር ላይ ቻርጅ ሳያደርጉ መመለስ አያስተማምንም። ትልቅ ባትሪ ያለው አይዲ ፎር ወደ 65 ኪሎዋት ሰዓት ተጠቅሞ ከ15 በላይ ይተርፈዋል። በፍጥነት መንዳት፣ ጭነት፣ ዝናብና ዳገት ፍጆታውን ከፍ ስለሚያደርጉ ይህ ስሌት መነሻ እንጂ ዋስትና አይደለም።

ከባሕር ዳር በዳንግላና በደብረ ማርቆስ በኩል አዲስ አበባ መሄድ ግን ከ500 ኪሎ ሜትር በላይ ነው። በዚህ መንገድ ሁለቱም መኪናዎች በመካከል ቻርጅ መደረግ አለባቸው። የዓባይን በረሃ ለሚያቋርጥ አሽከርካሪ ደግሞ ክብደት ዋጋ አለው። ሰው የጫነው ዩዋን ፕላስ 2,000 ኪሎ ግራም ቢመዝን፣ 1,000 ሜትር ከፍታ ለመውጣት ብቻ 5.5 ኪሎዋት ሰዓት ያህል ያስፈልገዋል፤ 2,400 ኪሎ ግራም ለሚመዝነው አይዲ ፎር 6.5 ገደማ ይሆናል። ይህ ለመደበኛው ጉዞ ከሚያስፈልገው በተጨማሪ ነው። ቁልቁለቱን ሲወርዱ ሞተሩ እንደ ጄኔሬተር ሆኖ ከፊሉን ወደ ባትሪው ይመልሳል። ነገር ግን ባትሪው ጢም ብሎ ከሞላ የሚቀበልበት ቦታ ስለማይኖረው የመኪናው ማቆም በፍሬኑ ላይ ብቻ ይወድቃል። ስለዚህ ከረዥም ቁልቁለት በፊት ባትሪውን እስከ መጨረሻው አለመሙላት ብልኅነት ነው።

የቤቱ መብራት

የቤት ሶኬት በ220 ቮልት 10 አምፔር ቢሰጥ የሚገኘው 2.2 ኪሎዋት ነው። በዚህ መጠን ባዶ የሆነ 60 ኪሎዋት ሰዓት ባትሪ ለመሙላት፣ በመንገድ የሚባክነው ሲታከል፣ 30 ሰዓት ያህል ይፈጃል። 84 የሚይዘው ደግሞ 40 ሰዓት ያልፋል። በ7 ኪሎዋት የግድግዳ ቻርጀር ግን የመጀመሪያው ከ9 እስከ 10፣ ሁለተኛው 13 ሰዓት አካባቢ ይበቃቸዋል።

ይህ ቁጥር ያስደነግጣል፤ ሆኖም በየቀኑ ባዶውን የሚሞላ ሰው የለም። በከተማ ውስጥ በቀን 40 ኪሎ ሜትር የሚነዳ ሰው የሚጠቀመው ከ6 እስከ 7 ኪሎዋት ሰዓት ነው። ይህም በተራ ሶኬት ከ3 እስከ 4 ሰዓት ባለ ጊዜ ይተካል። እንግዲህ ከከተማ ለማይወጣ ሰው ትልቁ ባትሪ በየቀኑ ተሸክሞት የሚዞረው፣ የማይነካው ጎተራ ነው። በሌላ በኩል መብራት ሁለትና ሦስት ቀን በሚጠፋበት ሰፈር ያ ጎተራ ለክፉ ቀን ይጠቅማል።

ከመኪናው ግዢ በፊት የኤሌክትሪክ ባለሙያ የቤቱን ሽቦ ውፍረት፣ ብሬከሩን እና የመሬት መስመሩን ማየት አለበት። ለ7 ኪሎዋት ቻርጀር ራሱን የቻለ መስመር ያስፈልጋል። በማራዘሚያ ገመድ ለሰዓታት ቻርጅ ማድረግ ሶኬቱን አግሎ እሳት ሊያስነሣ ይችላል። በኪራይ ቤት ለሚኖሩና በጋራ ቆጣሪ ለሚጠቀሙ ደግሞ ከቤቱ ባለቤት ጋር መስማማት ከመኪናው ዋጋ በፊት የሚመጣ ጉዳይ ነው። የቤት መብራት ታሪፍ ፍጆታ ሲጨምር የሚጨምር በመሆኑ፣ የመኪናው ፍጆታ በቤቱ ላይ ሲደመር ሒሳቡ ወደ ከፍተኛው እርከን ሊሸጋገር እንደሚችልም ማሰብ ይገባል።

የባትሪው ዓይነት

ዩዋን ፕላስ የሚጠቀመው የሊቲየም ብረት ፎስፌት ባትሪ ነው። ይህ ዓይነት ለተመሳሳይ ጉልበት ከበድ ይላል፤ ነገር ግን ሙቀትን ይችላል፣ ብዙ ጊዜ ቢሞላና ቢራገፍም ይታገሣል፤ አልፎ አልፎም እስከ መቶ በመቶ መሙላት ለመለኪያው ትክክለኛነት ይጠቅመዋል። የአይዲ ፎር ትልቁ ባትሪ ኒኬል፣ ማንጋኒዝና ኮባልት ያለበት ነው። በአነስተኛ ክብደት ብዙ ጉልበት ይይዛል፤ ዕድሜው እንዲረዝም ግን በየቀኑ እስከ 80 በመቶ ብቻ እንዲሞላ ይመከራል። ለአይዲ ፎር ገዥ ይህ ማለት፣ በወረቀት ላይ ካለው አቅም በዕለት ኑሮው የሚጠቀመው አራት አምስተኛውን ነው።

ዩዋን ፕላስ ሌላም ጥቅም አለው። በተገቢው ማያያዣ ከባትሪው 220 ቮልት አውጥቶ ማቀዝቀዣ፣ መብራትና ቴሌቪዥን ማንቀሳቀስ ይችላል። መብራት ሲጠፋ ወተት ለሚያከማች ወይም መድኃኒት በማቀዝቀዣ ለሚያስቀምጥ ቤተሰብ ይህ ቀላል ነገር አይደለም። ነገር ግን ዕቃው በቀጥታ ከማያያዣው ጋር ይገናኝ እንጂ ወደ ቤቱ መስመር አይሰካ፤ በመስመሩ ላይ የሚሠሩ ሰዎችን ለሞት ሊያደርስ ይችላል።

ኮብልስቶን፣ ጠጠርና ጭቃ

ሁለቱም መኪናዎች ቁመናቸው የገጠር መኪና ቢያስመስላቸውም የተሠሩት ለከተማ ነው። ሙሉ ሲጫኑ ከመሬት ያላቸው ርቀት ከ20 ሴንቲ ሜትር በታች ይሆናል። ባትሪው ከወለሉ ሥር ስለተዘረጋም ድንጋይ ሲመታው የሚጎዳው ከመኪናው ሁሉ ውዱ ዕቃ ነው። በክረምት ጎርፍ የሚያልፍበትን መሻገሪያ በእነዚህ መኪናዎች መድፈር አይገባም። በጭቃ ዳገት ላይ ክብደት ወደ ኋላ ስለሚያዘነብል የኋላ ጎማው የሚገፋው አይዲ ፎር የተሻለ ይይዛል፤ ከተዋጠ ግን የክብደቱን ያህል ለማውጣት ያስቸግራል።

ጎማም ይለያያቸዋል። በዩዋን ፕላስ አራቱም ጎማዎች አንድ መጠን ስለሆኑ የፊቱን ወደ ኋላ እያዛወሩ እኩል ማስበላት ይቻላል። በአይዲ ፎር የኋላው ከፊቱ ይሰፋል፤ ማዛወር አይቻልም፣ ሁለት መጠን ጎማም መፈለግ ግድ ይሆናል። ሁለቱም ብዙውን ጊዜ ያለ ስኮርታ ስለሚመጡ፣ ወደ ገጠር የሚወጣ ሰው የሚሆን ጎማ በከተማው መኖሩን አስቀድሞ ያረጋግጥ።

ጭነትን በተመለከተ፣ ሰውና ዕቃ አንድ ላይ የሚፈቀደው ክብደት በሁለቱም የተወሰነ ነው። አምስት ጎልማሳ ከተቀመጠ በኋላ አንድ ኩንታል ጤፍ ከኋላ መጨመር ከልኩ ሊያልፍ ይችላል። ምርት ለማመላለስ የሚፈልግ አርሶ አደር ከሁለቱ አንዱንም ባይገዛ ይሻለዋል።

ከመክፈል በፊት የሚጠየቁ

አንደኛ፣ የባትሪው መጠን በንግግር ሳይሆን ከመኪናው መለያ ሰሌዳ ላይ ይነበብ። ያገለገለ መኪና ከሆነ የባትሪው ጤንነት በመመርመሪያ መሣሪያ ተለክቶ ውጤቱ በጽሑፍ ይሰጥ።

ሁለተኛ፣ የቻርጅ ማስገቢያው ዓይነት ይታይ። ለቻይና ገበያ የተሠሩት የሚቀበሉት «ጂቢቲ» የሚባለውን ነው፤ ለአውሮፓ የተሠሩት ደግሞ «ሲሲኤስ 2» የተባለውን። በሚሄዱበት መንገድ ያለው ጣቢያ የትኛውን እንደሚሰጥ ሳያውቁ መግዛት፣ ቁልፉ የማይገባበት ቤት እንደ መግዛት ነው።

ሦስተኛ፣ ዋስትናውን የሚሰጠው ማን እንደሆነ፣ ለስንት ዓመት እንደሆነና ጋራዡ የት ከተማ እንዳለ በጽሑፍ ይገለጽ። የፋብሪካ ዋስትና አለ ማለት እዚህ የሚፈጽመው አለ ማለት አይደለም።

አራተኛ፣ በመስታወቱ ሥር ያለው ስክሪን በሚነበብ ቋንቋ መሥራቱ፣ የሻንሲ ቁጥሩም ከዲክላራሲዮኑና ከሊብሬው ጋር መመሳሰሉ ይረጋገጥ።

አምስተኛ፣ መኪናው በአስፋልት ብቻ ሳይሆን ገዥው ዘወትር በሚመላለስበት ኮብልስቶንና ጠጠር ላይ፣ ቤተሰቡን ጭኖ ይሞከር።

ለማን የትኛው?

ኑሮው በከተማ የሆነ፣ በቀን ከ50 ኪሎ ሜትር የማይበልጥ የሚነዳ፣ በተራ ሶኬት የሚሞላና መብራት ለሚቆራረጥበት ቤት ዩዋን ፕላስ ይስማማል። ቀላል ነው፣ ጎማው አይለያይም፣ ባትሪው ቻይ ነው። በየሳምንቱ ከከተማ ከተማ የሚመላለስ፣ ቤተሰቡ የበዛ፣ የራሱ ቆጣሪና የግድግዳ ቻርጀር ያለው ሰው ግን ባለ ትልቅ ባትሪው አይዲ ፎር ያሳርፈዋል፤ የጎማውንና የክብደቱን ወጪ እስከቻለ ድረስ።

ዋናው መንገዱ ጭቃና ወንዝ የሆነ፣ ወይም በቤቱ አስተማማኝ መብራት የሌለው ሰው ደግሞ ከሁለቱ መካከል መምረጥ አይጠበቅበትም። ገንዘቡን አቆይቶ የመንገዱንና የመብራቱን መሻሻል መጠበቅም ምርጫ ነው። መሬቱ ሳይዘጋጅ የተዘራ ምርጥ ዘር ምርት እንደማይሰጥ አርሶ አደሩ ከማንም በላይ ያውቀዋል።