ዕጣ የወጣባቸው መንደሮች

ዕጣ መጣል ከጥንት ጀምሮ ሰው አድልዎን ከመካከሉ የሚያስወግድበት ሥርዓት ሆኖ ኖሯል። ሐዋርያት በይሁዳ ፈንታ ዐሥራ ሁለተኛውን ሲሾሙ በዮሴፍና በማትያስ ስም ዕጣ እንደ ጣሉ በግብረ ሐዋርያት ተጽፏል፤ በአገራችንም ርስት የሚካፈሉ ወንድማማቾች፣ ዕቁብ የሚጥሉ ነጋዴዎች፣ ፊት አይቶ የማያደላ ዳኛ ባስፈለጋቸው ጊዜ ሁሉ ወደ ዕጣ ይሄዳሉ። ይሁን እንጂ ይህ ልማድ ወደ ሕክምና ምርምር ገብቶ፣ ያውም አንዱን በሽተኛ ከሌላው በሽተኛ መለየቱን ትቶ አንዱን መንደር ከነሕፃናቱና ከነሽማግሌዎቹ ከሌላው መንደር እየለየ፣ መድኃኒት ቀድሞ የሚደርሰውንና ዘግይቶ የሚደርሰውን የሚወስን እስኪሆን ድረስ ብዙ ዘመን ወስዷል። ታሪኩን ስንከተል የምንጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።

ሐሳቡ ከድርጊቱ በብዙ ቀድሟል። ፍላማዊው ሐኪም ያን ባፕቲስት ቫን ሄልሞንት፣ ከሞተ በኋላ በ1648 ልጁ ባሳተመለት መጽሐፍ፣ ደም በማፍሰስ እንፈውሳለን የሚሉትን የዘመኑን ሐኪሞች ሲሞግት፣ ከሆስፒታልና ከጦር ሰፈር 200 ወይም 500 ድኾች ሕሙማን ተወስደው ለሁለት እንዲከፈሉ፣ የትኛው ወገን ለእርሱ፣ የትኛውስ ለእነርሱ እንዲደርስ ዕጣ እንዲጣል፣ በመጨረሻም ከየወገኑ ስንት ሬሳ ወደ መቃብር እንደ ወረደ እንዲቈጠር ጠየቀ፤ ለውርርዱም 300 ፍሎሪን አቀረበ። ተቀብሎ ሙከራውን የፈጸመ አልተገኘም። ቢፈጸምም ኖሮ ነገሩ በአንድ በኩል ጐዶሎ ነበር፤ ሁለት ጭፍራ አቁሞ አንድ ዕጣ ብቻ የጣለ ሰው፣ የአንደኛው ጭፍራ ሰዎች ቀድሞውኑ የጠነከሩ ይሁኑ ወይም መድኃኒቱ ያጠነከራቸው ይሁኑ ለይቶ ሊያውቅ አይችልምና። ይህ ጐዶሎ ከሦስት መቶ ዓመት በላይ ቈይቶ እንደገና በሊቃውንቱ መካከል ክርክር ያስነሣል።

ዕጣን የሳይንስ መሣሪያ ያደረገው ሐኪም አልነበረም። ሮናልድ ፊሸር የተባለው የስታቲስቲክስ ሊቅ በ1919 ከለንደን በስተሰሜን ባለው በሮታምስቴድ የእርሻ ምርምር ጣቢያ ሥራ ሲጀምር፣ ማዳበሪያ የገባበት መሬት ካልገባበት አብልጦ ቢያፈራ ብልጫው ከማዳበሪያው ይሁን ከአፈሩ ለምነት የሚታወቅበት መንገድ ስውር ሆኖ አገኘው፤ ስለዚህም መሬቱ በብዙ ትናንሽ ማሳዎች ተከፍሎ ማዳበሪያው የሚደርሰው በዕጣ እንዲወሰን አስተማረ፤ ትምህርቱንም በ1935 ስለ ሙከራ አነዳደፍ በጻፈው መጽሐፍ አጸናው። ከዚያም በ1948 በእንግሊዝ አገር አውስቲን ብራድፎርድ ሂል በመራው ሥርዓት 107 የሳንባ ነቀርሳ ሕሙማን በታሸገ ፖስታ ውስጥ በተቀመጠ ዕጣ ተለይተው፣ ገሚሱ ስትሬፕቶማይሲን ተወግተው፣ ገሚሱ በአልጋ ዕረፍት ብቻ ታክመው ውጤቱ ታተመ። ሐኪሞች ዛሬም ድረስ የዘመናዊ ሙከራ አባት የሚሉት ያን ጥናት ነው።

በመርፌ የተሰጠ መድኃኒት በተቀበለው ሰው ሥጋ ውስጥ ይቀራል፤ በሚቀጥለው አልጋ የተኛው በሽተኛ አይካፈለውም። ነገር ግን ከምንጭ የሚቀዳ ንጹሕ ውሃ፣ ለእናቶች የሚሰጥ ትምህርት፣ በአንድ ጣሪያ ሥር የሚዋጥ ክኒን፣ ይልቁንም ከሰው ወደ ሰው የሚተላለፍን ሕማም የሚያጠፋ መድኃኒት እንዲህ አይደለም። ለአንዲት እናት የተነገራት ምክር እስከ ማታ ድረስ በቡና ላይ ለጎረቤቶቿ ሁሉ ይደርሳል፤ እንግዲህ እርሷን በአንድ ወገን፣ ጎረቤቷን በሌላ ወገን መድቦ ማወዳደር ከንቱ ድካም ይሆናል።

ይህን ችግር በተግባር ከተጋፈጡት መጀመሪያዎቹ አንዱ ጆርጅ ኮምስቶክ ነው። በ1957 በአላስካ ደቡብ ምዕራብ፣ በቤቴል ከተማ ዙሪያ በሚገኙት የዩፒክ ሕዝብ መንደሮች፣ በጊዜው በዓለም ላይ ከታወቁት ሁሉ እጅግ ከከፉት የሚቈጠር የነቀርሳ በሽታ ተንሰራፍቶ ሳለ፣ አይሶኒያዚድ የተባለው ክኒን ገና ያልታመሙትን ይጠብቅ እንደ ሆነ ለመመርመር ተነሣ። ዕጣውን ያወጣው በየሰዉ ላይ ሳይሆን በየቤተ ሰቡ ላይ ነበር፤ በአንድ ጎጆ ውስጥ እውነተኛውና አምሳያው ክኒን አብረው ቢቀመጡ በማግስቱ የማን የማን እንደ ሆነ የሚለይ አይኖርምና። ክኒኑ በሽታውን ከግማሽ በላይ እንደ ቀነሰ በታወቀ ጊዜ አምሳያውን ሲውጡ ለነበሩትም ቤተ ሰቦች እውነተኛው መድኃኒት ቀረበላቸው። ነቀርሳ ከመድረሱ በፊት መድኃኒት የመስጠት ልማድ ዛሬ በመላው ዓለም የቆመው ከሌሎች ጋር በዚህ ሥራ መሠረት ላይ ነው።

የዕጣው ሥርዓት እንዲህ ሲስፋፋ የአቆጣጠሩ ሥርዓት ወደ ኋላ ቀረ። የአንድ መንደር ሰዎች ከአንድ ወንዝ ይጠጣሉ፤ በአንድ ክረምት አብረው ይራባሉ፤ አንዱ ሲያስነጥስ ሌላው ይታመማል። ስለዚህ ከአንዱ መንደር መቶኛው ሰው ተመርምሮ የሚገኘው ዕውቀት፣ ከፊተኞቹ ዘጠና ዘጠኝ ሰዎች አስቀድሞ ከተገኘው ብዙ የሚጨምር አይሆንም። ነገሩን በአኀዝ ብናየው፣ በ12 መንደሮች ከየመንደሩ 100 ሰው ተመርምሮ፣ በአንድ መንደር ሰዎች መካከል ያለው መመሳሰል ከመቶ ሁለት እጅ ብቻ ቢሆን፣ 1,200ዎቹ ሰዎች የሚመዝኑት በየራሳቸው ዕጣ እንደ ወጣላቸው 400 ያህል ሰዎች ብቻ ነው፤ ተመራማሪው ግን በ1,200 ሰው ምስክርነት እተማመናለሁ ብሎ ይጽፋል። ሊንድኲስት የተባለው የአዮዋ ዩኒቨርሲቲ መምህር በ1940 ስለ ትምህርት ጥናት ባሳተመው መጽሐፍ፣ ዕጣው በትምህርት ቤት ከወጣ ስሌቱም በትምህርት ቤት ይሁን ብሎ አስቀድሞ ነግሮ ነበር፤ ሐኪሞች የመምህራንን መጽሐፍ የማንበብ ልማድ ስለሌላቸው ነው መሰለኝ፣ ነገሩ በሕክምናው ዓለም ሳይሰማ አርባ ዓመት ሊሞላው ጥቂት ቀረው። በ1978 ጀሮም ኮርንፊልድ ገጾቹ ጥቂት በሆኑ ጽሑፍ ተነሥቶ፣ በቡድን ዕጣ አውጥቶ በነፍስ ወከፍ ማስላት ራስን ማታለል መሆኑን ያለ ይሉኝታ አስታወቀ፤ በ1981ም አለን ዶነርና ባልደረቦቹ ለእንዲህ ያለው ሙከራ ስንት ቡድን፣ ከየቡድኑም ስንት ሰው እንደሚያስፈልግ የሚሰላበትን ቀመር አወጡ። የቫን ሄልሞንት ሁለት ጭፍሮች ጐዶሎ በዚህ ተገለጠ፤ ወሳኙ የመንደሮቹ ብዛት ነው።

ከዚያ ወዲህ የመንደር ዕጣ በየአህጉሩ ተጣለ። በኢንዶኔዥያ፣ በአቼ አውራጃ፣ አልፍሬድ ሶመርና ጓደኞቹ 450 መንደሮችን በዕጣ ከፍለው በዓመት ሁለት ጊዜ የሚዋጥ የቫይታሚን ኤ እንክብል ለገሚሱ መንደር ሕፃናት ሰጡ፤ ለቀሩት ጥናቱ እስኪያበቃ ተቈየላቸው። በ1986 የታተመው ውጤት የሕፃናት ሞት በሲሶ ገደማ መቀነሱን ስለ ተናገረ ብዙዎች ለማመን ተቸግረው ነበር። በእኛም አገር በ1997 በትግራይ፣ ገብረየሱስ ኪዳኔና ሪቻርድ ሞሮ 24 ጣቢያዎችን፣ ማለትም የገጠር ቀበሌዎችን፣ የሕፃናት ሞታቸው ተቀራራቢ የሆነውን ሁለት ሁለቱን አጣምረው፣ ከየጥንዱ አንዱን በዕጣ ለዩ፤ ዕጣው በወጣባቸው ጣቢያዎች የተመረጡ እናቶች የወባን ምልክት እንዲለዩና ክሎሮኪን ሳይዘገይ በቤት እንዲሰጡ ጎረቤቶቻቸውን አስተማሩ። በዓመቱ ከአምስት ዓመት በታች ካሉት ሕፃናት በተማሩት ጣቢያዎች ከሺህ 29.8፣ ባልተማሩት ከሺህ 50.2 ሞተው ተገኙ። ለጎረቤት ከመናገር የማይከለከሉትን እናቶች በየግል ለይቶ ለማስተማር ቢሞከር ኖሮ ይህ ልዩነት ከቶ አይታይም ነበር።

ከሁሉ ይልቅ ልብን የሚይዘው ግን በምሥራቅ ጎጃም፣ በጎንቻ ሲሶ እነሴ ወረዳ የተደረገው ነው። ትራኮማ፣ ሕዝቡ የዓይን ማዝ የሚለው፣ በዚያ አገር የድኻ ቤት ባለሟል ነው። እናት የአንዱን ልጅ የዓይን ፈሳሽ በነጠላዋ ጫፍ ትጠርጋለች፤ በዚያው ጫፍ የሁለተኛውን፣ ከዚያም የራሷን ትጠርጋለች፤ የቀረውን ዝንብ ያደርሰዋል። ደጋግሞ የተለከፈ ሰው የዓይኑ ቆብ ውስጡ ጠባሳ ይዞ ይቀለበስና ሽፋሽፍቱ የዓይኑን ብሌን ይፍቀዋል፤ በወረንጦ እየነቀሉ ዕድሜ የሚገፉ አሮጊቶች ጥቂት አይደሉም፤ ፍጻሜውም ዕውርነት ነው። አዚትሮማይሲን የተባለው መድኃኒት በአንድ ጊዜ ሲዋጥ ተዋሲውን የሚያጠፋ ቢሆንም፣ አንድ ልጅ ታክሞ ጎረቤቱ ሳይታከም ቢቀር ልክፍቱ በሳምንታት ውስጥ ተመልሶ ይመጣል። እንግዲህ የሚታከመው መንደሩ ነበር።

በግንቦት 2006 የካርተር ማዕከልና በሳን ፍራንሲስኮ የሚገኘው የፕሮክተር የዓይን ምርምር ተቋም ከአገሩ የጤና ባለ ሥልጣኖች ጋር ሆነው በወረዳው 72 ንዑስ ቀበሌዎች ላይ ዕጣ አወጡ። ዐሥራ ሁለቱ በዓመት አንድ ጊዜ፣ ዐሥራ ሁለቱ ሁለት ጊዜ፣ ዐሥራ ሁለቱ ሕፃናቱ ብቻ በሦስት በሦስት ወር መድኃኒት እንዲወስዱ፣ ዐሥራ ሁለቱ ደግሞ አንድ ዓመት እንዲቈዩ ተመደቡ፤ የቀሩት ለሌላ ጥያቄ የተለዩ ነበሩ። መድኃኒቱ በሚታደልበት ቀን ሚዛን መሸከም አያስፈልግም ነበር፤ ልጁ ምልክት ከተሠራበት ረጅም እንጨት አጠገብ ይቆማል፣ ራሱ የደረሰበት መሥመር ስንት እንደሚውጥ ይናገራል፣ አዳዩም እያየው ይውጣል።

ሕፃናቱ ብቻ በታከሙባቸው መንደሮች ልክፍቱ ከ48.4 በመቶ ወደ 3.6 በመቶ በዓመቱ ወረደ። ይህ ይጠበቅ ነበር። ከዚህ የሚበልጠው፣ አንድም ክኒን ያልቀመሱት፣ 11 ዓመትና ከዚያ በላይ የሆኑት የእነዚያው መንደሮች ነዋሪዎች ልክፍታቸው ከ15.5 ወደ 8.2 በመቶ መውረዱ ነው፤ ልጆቻቸው ታክመው ወላጆቻቸው በእነርሱ ተጠበቁ። በየሰዉ ዕጣ የሚወጣበት ሙከራ እንዲህ ያለውን ነገር እንደ ብክለት ቈጥሮ ይጥለዋል እንጂ አያየውም።

ከዚያም ማንም ያልጠየቀው መልስ መጣ። ለዓይን የተሰጠው መድኃኒት በሳንባና በአንጀት ያለውንም ተዋሲ የሚነካ በመሆኑ፣ ተመራማሪዎቹ ከ1 እስከ 9 ዓመት ያሉትን ልጆች ሞት ቈጠሩ፤ ባልታከሙት መንደሮች ከሺህ ልጆች በዓመት 8.3፣ በታከሙት 4.1 ሆኖ ተገኘ። ዕጣው ለአንድ ዓመት ያቈያቸው ዐሥራ ሁለት ንዑስ ቀበሌዎች ያን ዓመት ያለፉት እንዲህ ነው። ሙከራው ሲነደፍ መድኃኒቱ ከሞት ያድናል ብሎ ያወቀ ሰው ስላልነበረ ማንንም ለመውቀስ አልችልም፤ ነገር ግን አኀዙን ሳነብ ሁልጊዜ ቀድሞ የሚታየኝ የታከሙት ሳይሆን የቈዩት ነው። ለመንደር ማን ፈቃድ ይሰጣል የሚለው ጥያቄም ከዚህ ይነሣል፤ ስለ እንዲህ ያሉ ሙከራዎች ሥነ ምግባር በ2012 በኦታዋ የወጣው መግለጫ የአካባቢው አለቃ ተመራማሪው እንዲገባ ሊፈቅድ ቢችልም በእያንዳንዱ ሰው ፈንታ እሺ ሊል እንደማይችል ደንግጓል።

የጎንቻ አኀዝ ታላቅ ቢሆንም መንደሮቹ እንደ መንደር በቅንነት ስለ ተቈጠሩ እርግጠኝነቱ ሰፊ ወሰን ነበረው፤ ስለዚህ በ2014 እና በ2017 መካከል በኒጀር፣ በታንዛኒያና በማላዊ በ1,533 ማኅበረሰቦች ሌላ ዕጣ ተጣለ። የሕፃናት ሞት በ13.5 በመቶ ቀነሰ፤ በጎንቻ በግማሽ ያህል ወርዶ የታየው፣ መንደሮቹ ሲበዙ ወደዚህ ተጠጋ። መድኃኒቱ ዋጋ የሚያስከፍል መሆኑም በጎንቻ ራሱ ታውቋል፤ በየሦስት ወሩ ከሚታከሙት ልጆች አፍንጫና ጉሮሮ መካከል በሚገኘው ስፍራ ከተወሰደው ኒሞኮከስ ከተባለው ተዋሲ፣ መድኃኒቱን የሚቋቋመው ከ3.6 ወደ 46.9 በመቶ በአንድ ዓመት ሲወጣ፣ ባልታከሙት 9.2 በመቶ ብቻ ነበር። ይህን በመፍራት የዓለም ጤና ድርጅት በ2020 መድኃኒቱ ሞት በሚበዛባቸው አገሮች ከ1 እስከ 11 ወር ላሉት ጨቅላዎች ብቻ እንዲታሰብ መከረ። ምክሩ በኒጀር ሦስት ሺህ በሚጠጉ ማኅበረሰቦች በዕጣ ተፈትኖ በ2024 ሲታተም፣ ጨቅላዎቹ ብቻ በታከሙበት የሞታቸው መቀነስ በእርግጥ ሊረጋገጥ አልቻለም፤ እስከ 59 ወር ያሉት ታላላቆቻቸው አብረው በታከሙበት መንደር ግን የሕፃናቱ ሞት በ14 በመቶ ወርዶ ተገኘ።