በፍርድ የሄደች በቅሎ

«በፍርድ ከሄደች በቅሎዬ ያለ ፍርድ የሄደች ጭብጦዬ ታሳዝነኛለች» ይላሉ አባቶቻችን። ተከራክሮ መረታት ያለ ነው፤ ሳይከራከሩ ማጣት ግን ያንገበግባል። እስኪ ይህን ተረት ይዘን ወደ ሚዛን ተፈሪና ቴፒ፣ ወደ ቡናው አገር እንውረድ።

በድሮው የአገራችን ሙግት ከችሎት መቅረት ቀላል አልነበረም። ከሳሽና ተከሳሽ ነጠላቸው ጫፍ ለጫፍ ተቋጥሮ፣ ቁራኛ ሆነው ዳኛ ፊት ይሄዱ ነበር። አንዱ ከቀረ ሌላውም ቀረ ማለት ነው!

ቁራኛው ቀረና ቀጠሮ መጣ። በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ በቁጥር 73 እንዲህ ይላል፦ መልስ ሰጪው ቀርቦ ይግባኝ ባዩ ከቀረ፣ መልስ ሰጪው የተጠየቀውን ካላመነ በቀር፣ ይግባኙ ይዘጋል። በቁጥር 74 መሠረት ያንኑ ይግባኝ እንደ አዲስ ማቅረብ አይቻልም። የሚቀረው በአንድ ወር ውስጥ «የቀረሁት በበቂ ምክንያት ነው» ብሎ እንዲከፈት ማመልከት ነው። ያ ካልተሳካ የሥር ፍርድ ቤት ውሳኔ ይጸናል፤ የቡና ማሳውም ከእጅ ይወጣል።

ሕጉ ያለ ምክንያት አልጨከነም። ይግባኝን ጊዜ መግዣ የሚያደርግ ሞልቷል፤ የረታ ሰው ዕድሜ ልኩን ሲመላለስ መኖር የለበትም።

ችግሩ መንገዱ ነው። በንጉሡ ዘመን ሚዛን ተፈሪ በከፋ ጠቅላይ ግዛት የጊሚራ አውራጃ ከተማ ነበረች። ይግባኝ ያለ ሰው ወደ ጅማ፣ ሲብስም ወደ አዲስ አበባ ያቀና ነበር። በኋላ ደግሞ የክልሉ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሐዋሳ ሆነ። ያ አገር ዝናብ የሚበዛበት ነው፤ መንገዱም ለብዙ ዓመታት ጠጠር ነበር። ቡና ሲቀላ ደግሞ ቀጠሮ አያውቅም፤ ካልተለቀመ ይረግፋል።

በ2014 ዓ.ም. የደቡብ ምዕራብ ኢትዮጵያ ሕዝቦች ክልል ሲመሠረት የሐዋሳው ጉዞ ቀረ። የሰበር አቤቱታ ግን ዛሬም አዲስ አበባ ፌዴራል ሰበር ችሎት ድረስ ሊያስኬድ ይችላል።

«በቂ ምክንያት» ምን እንደሆነ ሕጉ አልዘረዘረም፤ የሚመዝነው ዳኛው ነው። ስለዚህ ዳኛው «ለምን ቀረ?» ሲል ዝናቡንም መንገዱንም አብሮ ይመዝን። ተከራክሮ የተረታ ገበሬ በቅሎውን በፍርድ አጥቷል። ጎርፍ ዘግቶት የቀረው ግን ያጣት ጭብጦውን ነው።